የመስታወት ተሸካሚው ፊት

ጡረታ በወጣሁ ሰሞን ልጄ ሰልማ ለጓደኞቿ ስታስተዋውቀኝ፣ «እናቴ ፊልም ላይ ትሠራ ነበር» ብላ ጀመረችና እዚያው ላይ ቆመች። ሰልማ እዚሁ ሎስ አንጀለስ ተወልዳ ያደገች ናት፤ ሥራዬን በእንግሊዝኛም ሆነ በአማርኛ ምን ብላ እንደምትጠራው አታውቅም። ልጆቹ ተዋናይ ነበርሽ ወይ ሊሉኝ ሲዳዳቸው ሻሼን አስተካክዬ፣ «የተጎዳ ፊልም ነበር የምጠግነው» አልኳቸው። እርስ በርስ ተያዩ።

«ፊልም ደግሞ ይጎዳል እንዴ?» አለችኝ አንዷ።

ልጅቷ አልተሳሳተችም። የዛሬ ፊልም ስልክ ውስጥ ነው ያለው፤ አይቀደድም፣ አይጫርም፣ ሙቀት አያኮማትረውም። የእኔ ሥራ ከእኔ ቀድሞ ጡረታ ወጥቷል። ስለዚህ ቢስሚላህ ብዬ፣ ሥራው ምን እንደነበረ እጄ ሳይረሳው ልጻፈው።

እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር በሰማንያዎቹ መጀመሪያ ነው ከደሴ ወጥቼ በሱዳን በኩል እዚህ የደረስኩት። ኮሪያታውን ውስጥ ከሦስት ያገሬ ልጆች ጋር አንድ አፓርትመንት ተጋራን። ዌስትውድ አንድ ሆቴል ውስጥ አንሶላ አጥፌአለሁ፤ አንዲት አሮጊት አስታምሜአለሁ፤ ከዚያ ፌርፋክስ አካባቢ አንድ የአገራችን ሰው የከፈተው ሱቅ ውስጥ ገባሁ። ዛሬ ትንሿ ኢትዮጵያ የሚባለው ጎዳና ያኔ የእኛ ነው የሚያሰኝ ነገር አልነበረውም፤ አማርኛ ለመስማት በር መርጦ መግባት ያስፈልግ ነበር። ደመወዙ የትም ቢሆን ያው ነው፤ እሱን እዚህ ላይ ልተወው።

ጋሼ ተፈራን ያገኘሁት ሱቁ ውስጥ ነው። ስድሳን ያለፉ፣ ቀጭን፣ ሁልጊዜ ከረባት የሚያስሩ ሰው ነበሩ። አንድ ቀን በርበሬ ሊገዙ መጥተው ቆመው ይጠብቃሉ። በርበሬው ያለበት ካርቶን በሲባጎ ታስሮ ነበርና ቋጠሮውን በጥፍሬ ስፈታ ቆየሁ።

«መቀስ አጠገብሽ አለ፤ ለምን አትቆርጪውም?» አሉኝ።

«ነገ ለሌላ ዕቃ ይሆናል፣ ጋሼ።»

«ዕድሜሽን ሁሉ ቋጠሮ ስትፈቺ ልትኖሪ ነው?»

«ከቆረጥኩት በኋላ ልቀጥለው ብል ያጥራል።»

የተፈታውን ሲባጎ አይተው፣ «በይ ሰኞ ጠዋት ሥራ ላሳይሽ» አሉኝ። የሱቁ ባለቤት ሰምቶ፣ «ጋሼ፣ ለበርበሬ መጥተው ሠራተኛዬን ይወስዳሉ?» ቢላቸው፣ «በርበሬህ አፈር አለው፤ ስለ እሱ ዝም እልሃለሁ» አሉት።

ቤቱ ከፌርፋክስ ትንሽ ገባ ብሎ፣ ከአንድ የአሮጌ ዕቃ መደብር ጀርባ ያለ ባለ አንድ ፎቅ ነበር። ባለቤቷ ሚስስ ኮል የምትባል፣ ሲጋራዋን ደጅ ካልሆነ የማታጨስ አሜሪካዊት ናት። ዩኒቨርሲቲዎችና ትንንሽ ሲኒማ ቤቶች የተጎዱ ፊልሞቻቸውን ይልኩልናል። እኛ እናጥባለን፣ የተቀደደውን እንቀጥላለን፣ የጠርዙ ቀዳዳ የተበላበትን እንለጥፋለን፣ ጭረት እናጠፋለን። ጋሼ ተፈራ አዲስ አበባ ሲኒማ ቤት ውስጥ ፊልም ሲያሳዩና ሲጠግኑ ወጣትነታቸውን የጨረሱ ሰው ናቸው። እዚህም ዋናው እሳቸው ነበሩ።

ከእሳቸው ጠባይ አንዳንዱን ልንገራችሁ። ጠዋት ገብተው እጃቸውን እስከ ክርናቸው ይታጠባሉ። እኔ ውዱእ ያደርጋሉ ብዬ ስስቅ፣ «አንቺ ለፈጣሪ፣ እኔ ለፊልም» ይሉኛል። ጓንት የሚያደርጉት በግራ እጃቸው ብቻ ነው፤ የቀኝ እጃቸው ሁለት ጣቶች የፊልሙን ጠርዝ ይዘው ጥቅሉ ሲዞር ያዳምጣሉ። ዓይናቸው ሌላ ቦታ እያየ ጣታቸው የተሰነጠቀው ቦታ ላይ ቀጥ ይላል። ሊቆርጡ ግድ ሲሆንባቸው በሹክሹክታ «ይቅርታ» ይላሉ፤ ለማን እንደሚሉ ጠይቄ አላውቅም። የተቆረጠች ቁራጭ መሬት አትወድቅም። «መቀስ የያዘ ሁሉ ይቆርጣል፤ አንቺ የሚከፈልሽ ላለመቁረጥ ነው» የሚለውን ስንት ጊዜ እንደሰማሁት አላህ ይወቀው።

ከሁሉም በላይ ግን አንድ ነገር ነበራቸው። ማንኛውም ፊልም ሲመጣ ሳይነኩት አስቀድመው፣ «ማን ነው የጎዳህ?» ብለው ይጠይቁታል። ማሽን የጫረው ጭረት ቀጥ ብሎ በቁመቱ ይወርዳል። ሙቀት ያገኘው ይሸበሸባል። እጅ ያበላሸው ደግሞ ሥርዓት የለውም። የጎዳውን ሳታውቂ ሕክምና አትጀምሪ ይሉኛል። የፊልም ጀርባና ፊትም ያስተማሩኝ እሳቸው ናቸው፦ ምስሉ ያለው በደብዛዛው በኩል ነው፤ አንጸባራቂው በኩል ባዶ ጀርባ ነው። ጀርባው ላይ ያለ ጭረት ይድናል፤ የምናሳልፍበት የኬሚካል ፈሳሽ ጀርባውን በጥቂቱ ያለሰልሰውና ጭረቱን ይዘጋዋል። ምስሉ ላይ ያለ ጭረት ግን አይመለስም።

የምሰግድበትን ቦታ ያዘጋጁልኝም እሳቸው ናቸው፤ የፊልም ቆርቆሮዎች የተደረደሩበትን መደርደሪያ ገፋ አድርገው ጥግ ለቀቁልኝ። ረመዳን ሲገባ፣ «አንቺ አንድ ወር ጾመሽ አገር ያውቅልሻል፤ እኔ ሁለት ወር ስጾም ማን አየኝ?» ይሉ ነበር። ዓይናቸው ግን እየደከመ ሄደ። ሞራ ነው፤ ሁለቱንም ዓይናቸውን ከዳር እየሸፈነ ይመጣ ነበር። «ስትሰግጂ ለዓይኔም ዱዓ አድርጊልኝ፤ የእኔው ቄስ ሩቅ ነው» ይሉኛል። አደርግ ነበር።

ፓቬል የመጣው በዚያ ጊዜ ነው። የቼኮዝሎቫኪያ ሰው ነው፤ ፓልምስ የሚባል ሰፈር ተከራይቶ እየኖረ ጋራዥ ውስጥ መኪና ይቀባል። ጥፍሩ ሥር ሰማያዊ ቀለም ነበረው። አንዲት ቆርቆሮ በዳቦ ከረጢት ጠቅልሎ አመጣና ጠረጴዛዬ ላይ አስቀመጠ። አገሩ ሳለ የሠራት አጭር ፊልም ናት፤ ሌላ ቅጂ የላትም። በሚቀጥለው ሳምንት ቅዳሜ ዌስትውድ፣ በዩኒቨርሲቲው አዳራሽ ልትታይ ነው። እንድናጥባትና ጠርዟን እንድንጠግን ጠየቀ። «ሌላ ቅጂ የላትም» ብሎ እንደገና ነገረኝና ወጣ።

ፊልሟ ጥቁርና ነጭ ናት፤ ንግግር የላትም። ወንዝ አለ፤ ጭጋጉ ከወንዙ ይነሳል። ጠዋት ጠዋት ረጅም ኮት የለበሰ ሰው ትልቅ የመስኮት መስታወት በጀርባው ተሸክሞ ወደ ጀልባው ማቆሚያ ይመጣል። ጀልበኛው በእጁ ና ይለዋል። ሰውየው ራሱን ይነቀንቃል። ሌሎቹ ተሳፍረው ይሻገራሉ፤ እሱ መስታወቱን እንደተሸከመ ቆሞ ያያቸዋል፤ ከዚያ ይመለሳል። በረዶ ሲወርድም ይመጣል፣ ዝናብ ሲዘንብም ይመጣል። አንድ ቀን መስታወቱን ዳርቻው ላይ አቁሞት ይሄዳል፤ ወንዙን በመስታወቱ ውስጥ እናየዋለን፤ ያልቃል። ምን ይፈልጋል? ለምን አይሻገርም? ምንም አትናገርም። እኔ በሕይወቴ ሲኒማ ቤት የገባሁት ሁለት ጊዜ ብቻ ነው፤ ግን ያን ቀን ምሳዬን ረስቼ አየኋት።

ካሜራው ወደ ሰውየው በቀረበ ቁጥር ፊቱ ላይ የጭረት ዝናብ ይወርድበታል። ዓይኑን፣ አፍንጫውን ለይቶ ማየት አይቻልም። አሳዘነኝ። ያን ቀን ጋሼ ተፈራ ዓይን ሐኪም ዘንድ ሄደው ነበር። ጥቅሉን ወደ መብራት ይዤ ሳየው ጭረቱ ሁሉ በጀርባው በኩል ነው፤ ይድናል ማለት ነው። ለሚስስ ኮል ነገርኳት። «ከተጠየቅነው በላይ ብንሠራለት ይጠላል?» አለችኝ። በዚህ ተስማማን። ፈሳሹን አዘጋጀሁ፣ ተጠንቅቄ አሳለፍኩት፣ አደረቅኩት። በማግስቱ ስናየው የሰውየው ፊት እንደ ታጠበ ሳህን ጠርቶ ወጣ። ጉንጩ የጎደጎደ፣ ግራ ቅንድቡ ላይ ጠባሳ ያለው፣ ወደ አርባ የሚጠጋ ሰው። አልሐምዱሊላህ አልኩ። በሥራዬ እንደዚያ ቀን ደስ ብሎኝ አያውቅም።

ፓቬል ሊረከብ መጣ። ትንሿን የማያ ክፍል አጨለምንለትና ጀመርን። ፊቱ የሚታይበት ቦታ ሲደርስ ብድግ አለ፤ ወንበሩ ከኋላው ወደቀ።

«ማነው ይህን ያደረገው?»

«እኔ ነኝ» አልኩት። ሊያመሰግነኝ መስሎኝ ነበር።

ግድግዳውን ይዞ ቆመ። ከዚያ እንግሊዝኛው እየተደነቃቀፈ ነገረን። የሰውየው ስም «ያን» ነው፤ ተዋናይ አይደለም፤ መስታወት ገጣሚ ነው፤ አሁንም እዚያው ከተማ ከሚስቱ ጋር ይኖራል። ፊልሙ ያለ መንግሥት ፈቃድ የተሠራ ነው። ይዞት የወጣውም በድብቅ ነው። ፊቱ ከታወቀ ሥራውን ያጣል፤ እስርም አለ። ስለዚህ ፓቬል ከመውጣቱ በፊት ክረምቱን ሙሉ በልብስ መርፌ ምስል በምስል ፊቱን ሸፈነው። ዌስትውድ ደግሞ የአገሩ መንግሥት ዓይንና ጆሮ እንደሚመጣ ያውቃል፤ እንዲህ ያለ ምሽት አያመልጣቸውም።

«ለምን አልነገርከንም?» አለችው ሚስስ ኮል።

የወደቀውን ወንበር አንስቶ አቆመ። እኔ ግን መልሱን አውቀው ነበር። ከእንደዚያ ያለ አገር የወጣ ሰው ያልተጠየቀውን አይናገርም።

ያን ቀን ሥራ ላይ የነበሩት ጋሼ ተፈራ የፊልሙን ጫፍ አዩት፤ ማለት ዓይናቸው አጠገብ አምጥተው በጣታቸው ዳሰሱት። የሥራ መዝገቡን ሳያዩ እኔን ጠየቁኝ።

«ጭረቱ የት ላይ ነበር?»

«ፊቱ ላይ።»

«ወንዙ ላይስ?»

«አልነበረም።»

«ጀልባው ላይስ? ሰማዩ ላይ?»

የያዝኩትን ጥቅል ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩ።

«ዘሃራዬ፣ ማሽን ፊት አይመርጥም» አሉኝ።

ይህን ሌላ ሰው ባያውቀው አይፈረድበትም። እኔ ግን ከየት ነበር የመጣሁት? በዚያን ጊዜ እዚሁ ሎስ አንጀለስ ዒድ ስንሰግድ ካሜራ ይዞ የመጣ ሰው በር ላይ ለአንዲት ሴትዮ አስረክቦ ነበር የሚገባው። የዚያ ዘመን የሠርግ አልበሞቻችንን ክፈቱ፤ ሙሽሮቹ ይታያሉ፣ እንግዶቹ ግን ጀርባቸውን ሰጥተዋል፣ ወይ ነጠላቸውን ፊታቸው ላይ ስበዋል። ፎቶው አገር ቤት ቢደርስ የማን ወንድም እንደሚጠየቅ አይታወቅም። እኔም ደሴ ወንድም ነበረኝ። ራሴ ከካሜራ ፊቴን ስመልስ ኖሬ የሰው መጋረጃ በገዛ እጄ ቀደድኩ።

ሚስስ ኮል ምሽቱ ይሰረዝ አለች። ፓቬል፣ የፊልሙ ስም በየወረቀቱ ወጥቷል፤ ብሰርዝ ለምን ተሰረዘ ብለው ይፈልጋሉ፣ አለ። ፊቱ ያለበት ቦታ ተቆርጦ ይውጣ አለች። ጋሼ ተፈራ፣ «ፊቱ ከወጣ የሚቀረው ጭጋግ ነው» አሏት። ከዚያ ወደ ፓቬል ዞረው፣ «በምን ዓይነት መርፌ ነው የሠራኸው?» ብለው ጠየቁት።

ቅዳሜ እስኪደርስ የቀረን ጥቂት ቀን ነበር። ሥራው ደግሞ ከሺህ በላይ ምስል ነው፤ እያንዳንዱ ከጥፍር አይበልጥም። ፓቬል ከጋራዡ ፈቃድ ወስዶ አንዱ ጠረጴዛ ላይ ተቀመጠ፤ እኔ በሌላው። ማጉያ መነጽር ዓይናችን ላይ አሰርን። ጀርባው ላይ ብቻ መጫር አለበት፤ መርፌው ትንሽ ጠልቆ ከገባ ምስሉን ይጎዳዋል፤ በጣም ከቀለለ ደግሞ አይሸፍንም። ጋሼ ተፈራ ማየት ባይችሉም ፊልሙን ወጥረው ይይዙልኝና የጫርኩትን በጣታቸው ይዳስሱታል። «ጠለቀ። አቅልይ።» «ይሄ ደግሞ ምን ነው፣ ድመት ናት የጫረችው? ጫን በይ።» «እሰይ። እንዲህ ሂጂ።»

መርፌውን በቢስሚላህ አነሳዋለሁ፤ ግን የሰው ፊት ላይ ሳወርደው እጄ ይሸሻል። አንድ ጊዜ ጨርሶ ቆመ።

«ምነው?» አሉኝ ጋሼ።

«የሰው ፊት እየቧጨርኩ ነው፣ ጋሼ።»

«እየሸፈንሽው ነው። ሰው ሲተኛ ጋቢ አትደርቢለትም?»

ከዚያ በኋላ እጄ እሺ አለ። ከቅንድቡ ጠባሳ እጀምራለሁ፣ ወደ ዓይኑ ቆብ እወርዳለሁ፣ ከአፉ ዳር ያለችውን ስርጉድ አልፋለሁ፣ ወደ ጆሮው እመለሳለሁ። ግራ ጆሮው ከቀኙ ትንሽ ወጣ ይላል። እየሸፈንኩት አጠናሁት። ወላሂ፣ የገዛ አባቴን ፊት እንደዚያ ተጠንቅቄ አይቼው አላውቅም። ፓቬልን፣ ለምንድነው የማይሻገረው አልኩት። «እኔም ጠይቄው ነበር፤ ዝም አለኝ» አለ።

ዓርብ ከሰዓት በኋላ የመጨረሻዋን ምስል ጨረስን። ጥቅሉን ማሽን ላይ ሰቅለን አየነው። የፓቬል ጭረት ቀጭን ዝናብ ነበር፤ የእኔ ደግሞ ወፍራም፣ ካፊያ የወረደበት መስኮት የመሰለ። አንድ አልነበሩም። ፊቱ ግን የለም።

ቅዳሜ ዌስትውድ ሄድን። ጋሼ ክንዴን ይዘው የኋላው ረድፍ ላይ ተቀመጥን። ፓቬል ከፊት ለፊት የተቀመጡ ሁለት ሰዎችን በዓይኑ አሳየኝ። ፊልሙ ተጀመረ። የሰውየው ፊት ሲቀርብ አንደኛው ሰው ወደፊት ጎንበስ አለ፤ እኔ በሆዴ የማውቀውን ሱራ ሁሉ እቀራለሁ። የጎነበሰው ሰው ቀስ ብሎ ወደ ወንበሩ መደገፊያ ተመለሰ።

ሲያልቅ ጥያቄ ሆነ። አንድ መምህር መስታወቱ ነፍስ ነው አለ። አንዲት ተማሪ፣ የለም፣ ያልተሠራ ቤት ነው አለች። ጋሼ በጆሮዬ፣ «እኔን የገረመኝ አለመሰበሩ ነው» አሉኝ። ከፊት የተቀመጠው ሰው ተነስቶ በጨዋ እንግሊዝኛ፣ ተዋናዩ ማን ይባላል ብሎ ጠየቀ።

«አላውቀውም» አለ ፓቬል፤ «ወንዝ ዳር ነው ያገኘሁት። ፊቱን እንደምታየው ነው።»

ሰዎች ሳቁ። ሰውየውም ፈገግ ብሎ ተቀመጠ።

ከዚያ በኋላ ረጅም ዘመን ሠራሁ። ጋሼ ተፈራ አንድ ዓይናቸውን በቀዶ ሕክምና አዳኑ። ወደ ሥራው ቤት መጥተው የጠገንኩትን ሁሉ በአዲሱ ዓይናቸው መርምረው፣ «ጣቴ ይሻል ነበር፤ ጉድለትሽን አሁን ነው ያየሁት» ብለው በጡረታ ተሰናበቱኝ። ጠረጴዛቸው ለእኔ ሆነ። ከእሳቸው በወረስኩት ላይ የጨመርኩት አንድ ነገር ብቻ ነው። ፊልም ያመጣውን ሰው ቆርቆሮውን ሳልከፍት፣ «እንዳይነካ የምትፈልገው ጉዳት አለ?» እለዋለሁ። ብዙዎቹ ይስቃሉ። አንዳንዱ ግን ወንበር ስቦ ይቀመጣል።

ሰማንያዎቹ ሊያልቁ ሲሉ የእነ ፓቬል አገር በሯን ከፈተች፤ በቴሌቪዥን ሁላችንም አየን። ከዚያ ብዙም ሳይቆይ፣ አንድ ቀን ጠዋት በሩ ተከፈተና አንድ ሰው ብቻውን ገባ። ፓቬል ውጭ መኪናውን ፓርክ ሲያደርግ ቀድሞት ነበር ለካ። ጸጉሩ ሸብቷል፣ ወፍሯል። እኔ ግን መጀመሪያ ያየሁት ግራ ቅንድቡን ነው፤ ከዚያ ከአፉ ዳር ያለችውን ስርጉድ፤ ከዚያ ጆሮውን።

«ያን» አልኩት።

ሰውየው ደነገጠ። አንድ እርምጃ ወደ ኋላ ሄደና የበሩን እጀታ ያዘ። ሻሽ ያደረገች፣ አይቷት የማያውቃት ሴት፣ የዓለም ጫፍ ላይ ስሙን ጠራችው። ያን ሁሉ ዓመት ሲፈራው የኖረው ይህንኑ ነበር፤ ከማያውቀው አፍ ስሙን መስማት። ፓቬል ደርሶ በቋንቋቸው ረጅም ነገር ነገረው፤ ጣቱን ወደ እኔ፣ ወደ ማጉያ መነጽሩ፣ ወደ ጠረጴዛው እየጠቆመ። ሰውየው እጀታውን ለቀቀ። መጥቶ እጆቼን ገለበጣቸውና አያቸው።

ፓቬል ያችኑ ቆርቆሮ አስቀመጠ። «ፊቱን መልሺልን» አለኝ።

«ባለቤቱ ራሱ ይንገረኝ» አልኩ።

ፓቬል ሲተረጉምለት ሰውየው ቆርቆሮዋን አያት። ከዚያ ራሱን በአዎንታ ነቀነቀ።

ያንኑ ፈሳሽ አዘጋጀሁ፤ ያንኑ ሥራ ሠራሁ። መጀመሪያ አካባቢ እጄ ሳይለምድ ያጠለቅኳቸው ጥቂት መስመሮች አልጠፉም፤ ዛሬም ጉንጩ ላይ አሉ። ሌላው ሁሉ ተዘጋ። በማግስቱ ጋሼ ተፈራንም ከቤታቸው አስመጥተን አራታችን ትንሿ የማያ ክፍል ውስጥ ተቀመጥን። ጭጋጉ ተነሳ፣ ጀልባው መጣ፣ ሰውየው መስታወቱን ተሸክሞ ወደ እኛ ቀረበ። ያን የራሱን ፊት ሲያይ እጁን ወደ ላይ አነሳ፤ አቁሚው ማለቱ ነው። አቆምኩት። ወደ ስክሪኑ ተጠግቶ የያኔውን ሰው ከእግር እስከ ራሱ አየውና በቋንቋው አንድ ነገር ተናገረ። ፓቬል ሳቅ አፈነው።

«ምን አለ?» አሉ ጋሼ።

«ኮቱ የሚስቱ ወንድም ንብረት ነው አለ። መስታወቱ ቢቀድድበት ለሚስቱ ተሰረቀብኝ ብሎ ነግሯት ነበር። እስከ ዛሬ አታውቅም። አሁን ፊቴ ከታየ፣ የምፈራው እሷን ብቻ ነው ይላል።»

ጋሼ ተፈራ በዳነው ዓይናቸው ኮቱን ፈለጉት። «እውነትም ተቀዷል» አሉ። ፓቬል ሲተረጉምለት ያንም ሳቀ። ሳቁ እስኪበርድለት ጠበቅኩና፣ ልቀጥል ወይ ብዬ በእጄ ጠየቅኩት። ወንበሩ ላይ ተመልሶ፣ እግሩን ዘርግቶ፣ ቀጥይ አለኝ።